የበረሃ ምንጭና የጎንደር ጀሪካን

ውሃ የመጣው ከሌሊቱ ዘጠኝ ሰዓት ላይ ነው። መምጣቱን የሚናገረው ቧንቧው ራሱ ነው። መጀመሪያ አየር ይተነፍሳል፣ ቀጥሎ ጉንፋን እንደያዘው ሰው ያስላል፣ ከዚያ ቀላ ያለ ውሃ ቱፍ ቱፍ ያደርጋል። ግቢያችን ውስጥ አራት ቤተሰብ አለን፤ ቧንቧ አንድ። ውሃ ካየን ስድስተኛ ቀናችን ነበር። ጀሪካኖቹ ግን ከማታ ጀምረው ተሰልፈዋል። የሰፈራችን ወግ እንዲህ ነው፤ ሰው ይተኛል፣ ጀሪካን ይሰለፋል።

ተራዬ እስኪደርስ ስልኬን ከፍቼ ስለ ሲዋ አነብ ነበር። ሲዋ ግብፅ ውስጥ፣ ከሊቢያ ድንበር 50 ኪሎ ሜትር ገደማ ርቃ፣ አሸዋ መሀል ያለች ለምለም ቦታ ናት። ዓመቱን ሙሉ የምታገኘው ዝናብ 10 ሚሊ ሜትር አካባቢ ቢሆን ነው። ጎንደር ከ1,000 ሚሊ ሜትር በላይ ታገኛለች። መቶ እጥፍ! በዚያች ሌሊት ባልዲ ይዤ የቆምኩት ግን እኔ ነኝ።

«ምን ያስቅሃል ልጄ?» አሉኝ ጎረቤታችን እማማ። ነጠላቸውን ተከናንበው ከፊቴ ቆመዋል። ያነበብኩትን ነገርኳቸው። ትንሽ አሰብ አደረጉና፣ «ታዲያ ውሃቸውን ማን ይጠብቅላቸዋል?» ብለው ጠየቁኝ።

መልስ አልነበረኝም። ስለ በረሃ ምንጭ ሲወራ ሁሌም የሚነሳው ውሃው ከየት መጣ የሚለው ነው። ማን ይጠብቀዋል፣ ማን ያካፍለዋል ብሎ የሚጠይቅ ብዙ የለም። ከዚያ ቀን ወዲህ ያነበብኩትን ሁሉ በእማማ ጥያቄ ነው ያነበብኩት። እውነቴን ነው፣ የጎንደርንም ቧንቧ በሌላ ዓይን እንዳየው አድርጎኛል።

በረሃ ስንል

እኛ ጎንደሬዎች በረሃ የሚለውን ቃል እንደልብ ነው የምንጠቀምበት። «ልጁ በረሃ ወርዷል» ከተባለ መተማ ወይም ሁመራ ሰሊጥ ሊያርም፣ ሊያጭድ ሄዷል ማለት ነው። ያ በረሃ ሙቀቱ ያነድዳል፤ ክረምት ላይ ግን ሰው የሚውጥ ሣር ያበቅላል። በጋ ሲገባ ወንዙ ይደርቃል፣ ሰውም የወንዙን አሸዋ ጭሮ ከሥር የቀረችውን ውሃ በጣሳ ይቀዳል። አንድ ዘመዴ ሰሊጥ አጨዳ ከርሞ ሲመለስ ያወራልኝ ስለ ክፍያው አልነበረም። ጉድጓዱ ውስጥ ውሃው እስኪያቁር አጎንብሶ ስለሚጠብቅበት ሰዓት ነበር።

የሲዋ በረሃ ሌላ ነው። ዓመታት ያለ አንድ ደህና ዝናብ የሚያልፉበት አገር ነው። እዚያ መሀል የሚገኘውን ለምለም ቦታ ፈረንጆቹ «ኦአሲስ» ይሉታል። በዕለት ንግግራችን ለዚህ ቁርጥ ያለ ቃል የለንም። «የበረሃ ገነት» የሚል አለ፣ «የበረሃ ምንጭ» የሚልም አለ። እኔ ምንጭ የሚለውን እመርጣለሁ። ገነት ሲሉት ማንም ያልደከመበት ይመስላል።

አገር ውስጥ ማየት የፈለገ ሰው አዋሽ ብሔራዊ ፓርክ ይሂድ። ከደረቁ ሜዳ መሀል ፍል ውሃ ይፈልቃል፣ ዙሪያውን የዱም ዘንባባ ከቦታል። ወደ አፋር ዝቅ ካለ ደግሞ አሳይታን ያገኛል። አዋሽ ወንዝ ባሕር ሳያይ እዚያው በረሃ ውስጥ አቤ ሐይቅ ላይ ያበቃል፤ የአሳይታ ልምላሜ የእሱ ትሩፋት ነው።

ጎንደርና የሰሐራ ምንጮች ደግሞ የቆየ ትውውቅ አላቸው። እ.ኤ.አ. በ1698 ቻርልስ ፖንሴ የሚባል ፈረንሳዊ ሐኪም ታላቁን አፄ ኢያሱን ሊያክም ከካይሮ ተነሳ። ጎንደር የደረሰው በዓመቱ ሐምሌ ላይ ነው። ከላይኛው ግብፅ ተነስቶ በኸርጋና በሰሊማ ምንጮች በኩል በረሃውን አቋርጦ፣ ዶንጎላ ወርዶ፣ በሰናር አድርጎ ነው የመጣው። ይህ ዐረቦች «ደርብ አል አርበኢን» የሚሉት የአርባ ቀን መንገድ ክፍል ነው። ግመል ሄዶበታል፣ ጨውና የዝሆን ጥርስ ተጭኖበታል፣ እጅግ ብዙ ሰው በባርነት ተነድቶበታል። ምንጮቹ ባይኖሩ መንገዱም አይኖርም ነበር። ሰሊማ ዛሬም በሰሜን ምዕራብ ሱዳን አለች፤ የሚኖርባት ሰው የላትም፣ ጥቂት ዘንባባና ውሃ ናት። ከፖንሴ ጋር የተነሳው ብሬቭዳን የሚባል ካቶሊካዊ የኢየሱሳውያን ካህን ግን አልቀናውም። ጎንደር ሊገባ ጥቂት ሲቀረው መንገድ ላይ ሞተ።

ስኮትላንዳዊው ተጓዥ ጄምስ ብሩስ ደግሞ የተገላቢጦሽ ሄደ። እ.ኤ.አ. በ1771 መጨረሻ ከጎንደር ወጥቶ፣ በሰናር በኩል አድርጎ፣ ውሃ የሳሳበትን የኑቢያ በረሃ አቋረጠ። ግመሎቹ አለቁበት። ጓዙን ከነማስታወሻው አሸዋ ላይ ጥሎ፣ እግሩ አባብጦ በ1772 ኅዳር አስዋን ገባ። ኋላ ግመል ይዞ ተመለሰና የጣለውን አነሳ። ያ ጓዝ እዚያው ቀርቶ ቢሆን ስለ ጎንደር ዘመን ከምናውቀው ስንቱ አብሮ ይቀር ነበር!

የጥንት ዝናብ

አሁን ወደ ሲዋ ልመለስ። እዚያ የሚፈልቀው ውሃ የዘንድሮ ዝናብ አይደለም። የአምናም አይደለም። ከ11,000 እስከ 5,000 ዓመት በፊት ባለው ጊዜ ሰሐራ ሣር የሚበቅልበት፣ ሐይቅ የሚተኛበት ምድር ነበር። ከዚያ በፊትም እንዲሁ ርጥብ ዘመናት አልፈውበታል። ያ ሁሉ ዝናብ ቀስ እያለ ወደ ታች ሰረገና ውሃ በሚያሳልፍ የአሸዋ ድንጋይ ውስጥ ተከማቸ። ግብፅ፣ ሊቢያ፣ ሱዳንና ቻድ የሚጋሩት ይህ የኑቢያ የከርሰ ምድር ውሃ ስፋቱ 2 ሚሊዮን ካሬ ኪሎ ሜትር ገደማ ነው። ከላይ የሚጨመርበት የለም ማለት ይቻላል። ሰው ከሞተ ዘመዱ የወረሰውን የባንክ ደብተር አስቡት፤ ማውጣት ይቻላል፣ የሚያስገባለት ግን የለም።

ይህ ውሃ ምንጭ ሆኖ የሚታየው መሬቱ ዝቅ ባለበት ነው። ነፋስ አሸዋውን በረጅም ዘመናት ጠርጎ ጠርጎ ጎድጓዳ ያደርገዋል። ሲዋ ከባሕር ወለል በታች 18 ሜትር ገደማ ናት። እንዲህ ዝቅ ሲባል መሬቱ ውሃው ድረስ ወረደ ማለት ነው። ከሥር የታመቀው ውሃ ስንጥቅ ካገኘ ማንም ሳይስበው ራሱ ይወጣል።

ቤቶቹን ሳልጠቅስ አላልፍም። የሲዋ ሰዎች በድሮ ጊዜ ቤት የሚሠሩት ከጨዋማው ሐይቅ ዳር የሚገኘውን ጨው ያዘለ ጭቃ እየቆረጡ ነው፤ ከርሺፍ ይሉታል። ሲደርቅ እንደ ሲሚንቶ ይጠነክራል። ሻሊ የሚባለው አሮጌው ምሽግ በዚህ ጭቃ የተሠራ ነው፣ ፎቅ በፎቅ ላይ የተደራረበበት። ለዘመናት ቆመ። እ.ኤ.አ. በ1926 ሦስት ቀን ዘነበበት፤ በቃ። ጨው ውሃ ሲያገኝ እንደሚሆነው ሆነ። ሰው ለቆ ወጣ። ለእኛ የሐምሌ ሦስት ቀን ዝናብ ዜና አይደለም፣ ልብስ ያለማድረቅ ችግር ነው። ፋሲል ግንብን በድንጋይና በኖራ ያቆሙት ሰዎች ዝናቡን ያውቁታል። ሻሊን የሠሩትም ድርቀቱን ያውቁታል። እያንዳንዱ ለሚያውቀው ሰማይ ነው የሠራው።

ሦስት ፎቅ ያለው እርሻ

ቴምር ጎንደር ውስጥ በረመዳን ወቅት ነው ጎልቶ የሚታየው። ጎረቤት ለማፍጠሪያ ገዝቶ ለልጆቻችንም ያቀምሳል። ፍሬዋን ስንበላ ዛፏ ምን ያህል እንደምታደክም የሚያስብ ያለ አይመስለኝም።

ቴምር ወንዴና ሴቴ ዛፏ ለየብቻ ነው። ለነፋስ ቢተዉት ፍሬው ይሳሳል። ስለዚህ ሰው የወንዴውን አበባ ቆርጦ ይይዝና፣ በገመድ ታስሮ ሴቴዋ ላይ ይወጣል። የአበባዋን ዘለላ ከፈት አድርጎ የወንዴውን ቅርንጫፍ መሀሉ ይሸጉጥና ያስረዋል። እያንዳንዱን ዘለላ፣ እያንዳንዱን ዛፍ፣ በየዓመቱ። ዐረቦች ስለ ቴምር ሲናገሩ እግሯ ውሃ ውስጥ፣ ራሷ እሳት ውስጥ ነው ይላሉ። ሥሯ ካልራሰ አትኖርም፣ ፀሐይ ካልጠበሳትም ፍሬዋ አይበስልም።

ከቴምሯ ጥላ ሥር ሮማን፣ በለስ፣ ወይራ ይተከላል። ከእነሱ ሥር ደግሞ አትክልትና ለከብት የሚሆን አልፋልፋ። ሦስት ፎቅ ማለት ነው። የላይኛው ፀሐዩን ይቀበላል፣ የመካከለኛው የተረፈውን ያገኛል፣ የታችኛው በርጥበቱ ይኖራል። አንድ ጊዜ የፈሰሰ ውሃ ሦስት ምርት ያጠጣል። ዘጌን ያየ ሰው ይገባዋል፤ ቡናው ትልልቆቹ ዛፎች ሥር ነው የሚያድገው። ልዩነቱ ዘጌ ዳር ጣና አለ። የበረሃው ሰው ጥላውን የሚተክለው ውሃው እንዳይተንበት ነው።

እንግዲህ የእማማ ጥያቄ እዚህ ላይ ይመጣል። ይህን ውሃ ማን ይጠብቀዋል?

ቱኒዚያ ውስጥ ቶዘር የምትባል የቴምር ከተማ አለች። በ13ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ኢብን ሸባጥ የሚባል የሃይማኖትና የሒሳብ ሰው የምንጩን ውሃ ለአትክልት ቦታዎቹ ሁሉ የሚያከፋፍል ሥርዓት አወጣ። ሰዓት የሚለኩት ጋዱስ በሚባል ዕቃ ነበር። ከሥሩ ትንሽ ቀዳዳ ያለው ማሰሮ ነው። ውሃ ሞልተው ይሰቅሉታል። ጠብ ጠብ እያለ እስኪያልቅ ያንተ ተራ ነው። አለቀ፣ ተራህም አለቀ፤ ቦዩ ይዘጋና ወደ ጎረቤትህ ይዞራል። ክርክር የለም፣ ማሰሮው ለማንም አያዳላም።

ደቡብ አልጀሪያ፣ ቱዋት በሚባለው አካባቢ ደግሞ ፎጋራ አለ። ፎጋራ ከመሬት ሥር በእጅ የተቆፈረ፣ ኪሎ ሜትሮች የሚረዝም ዋሻ ነው። ከፍ ካለው ቦታ የከርሰ ምድሩን ውሃ ይነካና፣ በጣም ቀስ ብሎ እያዘቀዘቀ ወደ መንደሩ ያመጣዋል። ሞተር የለም፣ ባልዲ የለም። ውሃው መንደር ሲደርስ እንደ ማበጠሪያ ጥርስ የተፈለፈለ ድንጋይ ይጠብቀዋል፤ ቀስሪያ ይሉታል። በእያንዳንዱ ጥርስ መሀል የሚያልፈው የአንድ ባለድርሻ ውሃ ነው። ድርሻው ይወረሳል፣ ይሸጣል፣ በመዝገብ ይጻፋል። ፍሰቱን በተበሳሳ የመዳብ ሰሌዳ የሚለካ ባለሙያ አለ። እማማ፣ የጠየቁኝ ሰው ይኸው፦ የውሃ ለኪው። ሙያው እየጠፋ ስለሆነ ዩኔስኮ እ.ኤ.አ. በ2018 አስቸኳይ ጥበቃ በሚያስፈልጋቸው ቅርሶች ዝርዝር ውስጥ አስገብቶታል።

ፎጋራን ሳስብ አንድ ነገር ይገርመኛል። መስገብገብ አይቻልበትም። ውሃው የሚመጣው በራሱ ቁልቁለት ነው። የከርሰ ምድሩ ውሃ ዝቅ ካለ ፍሰቱም ይቀንሳል። ዘንድሮ ቴምር ጨምሬ ልትከል ያለ ሰው ከጎረቤቱ ይገዛል እንጂ ከመሬት ነጥቆ አይወስድም። ልኩን የሚናገረው መሣሪያው ራሱ ነው።

ይህ ለእኛ ባዕድ ነገር አይደለም። በባህላዊ መስኖ የሚጠቀሙ የአማራ ገበሬዎች «የውሃ አባት» ይመርጣሉ። የውሃ አባት ተራ ያወጣል፣ ቦይ የሚጠረግበትን ቀን ይቆርጣል፣ ሌሊት ተነስቶ የሰው ተራ የጠለፈውን ያስቀጣል። ገጠሩ የውሃ አባት አለው። ከተማው የለውም።

ፓምፑ ሲመጣ

ውሃ እያሳሳቀ ይወስዳል ይባላል። የበረሃ ምንጮችን ያሳሳቃቸው ፓምፕና የመቆፈሪያ ማሽን ነው።

ኸርጋን እንይ፤ ፖንሴ ያለፈባትን። እ.ኤ.አ. በ1950ዎቹ መጨረሻ የግብፅ መንግሥት በረሃውን ላልማ ብሎ ጥልቅ ጉድጓዶች ማስቆፈር ጀመረ። መጀመሪያ ላይ ውሃው በራሱ ግፊት ወደ ላይ ይወጣ ነበር። ደስታ ሆነ። ጉድጓድ በጉድጓድ ላይ ሲጨመር ግፊቱ ወረደ፣ የጥንቶቹ ምንጮች ዝም አሉ፣ በራሱ ይወጣ የነበረው ውሃ በፓምፕ መሳብ ግድ ሆነበት። የቱዋት ፎጋራዎችም እንዲሁ። አንዱ ጥልቅ ጉድጓድ አስቆፍሮ ፓምፕ ሲያስገባ የከርሰ ምድሩ ውሃ ዝቅ ይላል። ዋሻው ይደርቃል። የማበጠሪያው ጥርሶች መሀል ውሃ ይቀርና አሸዋ ይገባል። ለኪው ሥራ ፈታ።

ሁሉም ግን በመድረቅ አይደለም የሚሞተው። ይህን ሳነብ ነው እንቅልፌ ጥርግ ያለው።

አልጀሪያ ውስጥ ሱፍ በሚባለው አገር ገበሬው ውሃ አያጠጣም ነበር። አሸዋውን እንደ ትልቅ ጎድጓዳ ሳህን ቆፍሮ ቴምሩን እታች፣ ከከርሰ ምድር ውሃው አጠገብ ይተክለዋል። ሥሩ ራሱ ይጠጣል። የገበሬው ሥራ ነፋስ የሚመልሰውን አሸዋ በቅርጫት ተሸክሞ ማውጣት ነው፤ ዕድሜ ልኩን። ከዚያ ከተማው አደገ። ከጥልቅ ጉድጓድ ብዙ ውሃ እየተሳበ ለቤትና ለእርሻ ዋለ። ፍሳሹ የሚሄድበት ግን አልተሠራለትም። ወደ አሸዋው ሰረገ፣ ከላይ ያለው ውሃ ከፍ አለ፣ ጎድጓዳዎቹ ኩሬ ሆኑ። ቴምሮቹ ቆመው በሰበሱ። በረሃ መሀል፣ በውሃ ብዛት።

ሲዋም የያዛት በሽታ ይኸው ነው። እ.ኤ.አ. ከ1980ዎቹ ወዲህ ጉድጓድ በዘፈቀደ ተቆፈረ። ሲዋ ጎድጓዳ ናት ብያለሁ፤ ውሃ ይገባል እንጂ መውጫ የለውም። ትርፉ ሐይቆቹ ውስጥ ይጠራቀማል፣ ፀሐይ ውሃውን ትወስድና ጨውን ትተዋለች። ሐይቁ ሲሰፋ ጨው ወደ ዛፎቹ ሥር ይሄዳል። ወይራና ቴምር ይደርቃል፣ ከጥም ሳይሆን ከጨው።

ፔሩ ውስጥ ዋካቺና የምትባል አንዲት ፍሬ መንደር አለች። ነዋሪዋ መቶ ቢሆን ነው። ዙሪያዋን ተራራ የሚያክል አሸዋ፣ መሀሏ ትንሽ ሐይቅ። በአገሪቱ የ50 ሶል ኖት ጀርባ ላይ ታትማ ነበር። ቱሪስት ይጎርፍባታል። አካባቢው ላይ ጉድጓድ ሲበዛ ሐይቋ መጉደል ጀመረች። አሁን ውሃ ከሌላ ቦታ እየተሳበ ይጨመርላታል። ፎቶዋ እንዳለ ነው፣ ምንጭነቷ ግን ቀርቷል። ወጣቱ ከበረሃ መንደሮች ወደ ከተማ መሄዱ፣ ሙቀቱ መጨመሩ፣ ይህም አለ። ለእኔ ግን የነገሩ ቁልፍ ፓምፑ ነው። ፓምፕ ጎረቤትን ሳያማክሩ ውሃ ማግኘት የሚያስችል የመጀመሪያው መሣሪያ ነው።

ወደ እኛ ቆርቆሮ

የአባይን ልጅ ውሃ ጠማው የሚለውን ተረት ጎንደር ውስጥ ያልተረተ የለም። ተረቱን ትቼ ሒሳብ ልሥራ።

50 ካሬ ሜትር የቆርቆሮ ጣሪያ ያለው ቤት አለ እንበል። 1 ሚሊ ሜትር ዝናብ በ1 ካሬ ሜትር ላይ ሲወርድ 1 ሊትር ነው። በዓመት 1,000 ሚሊ ሜትር ቢዘንብ ጣሪያው ላይ 50,000 ሊትር ይወርዳል። የሚረጨውና የሚተነው አንድ አምስተኛው ይቀነስ፤ 40,000 ሊትር ይቀራል። 20 ሊትር በሚይዘው ቢጫ ጀሪካን 2,000 ጀሪካን ነው። ሲዋ ላይ ያው ጣሪያ ምንም ሳይቀነስለት 25 ጀሪካን ያገኛል።

ታዲያ ለምን አንይዘውም? ሞኝ ስለሆንን አይደለም። ዝናባችን አብዛኛው ከሰኔ እስከ መስከረም ባሉት ወራት ተንጋግቶ ነው የሚወርደው። ባለ 1,000 ሊትር ሮቶ የሚይዘው 50 ጀሪካን ነው። በቀን ሁለት ጀሪካን ለሚጠቀም ቤት 25 ቀን። መስከረም መጨረሻ ላይ ጢም ብሎ የሞላ ሮቶ ጥቅምትን አይሻገርም። ሚያዝያ ደግሞ ከዚያ በጣም ሩቅ ነው። ሮቶ የሌለው ሰውማ ሳፋውን አሸንዳው ሥር ይደቅናል፤ ሌላው ውሃ መንገዱን አጥቦ ይሄዳል።

ስለዚህ የክረምቱን ውሃ መያዝ የከተማ ሥራ ነው እንጂ የአንድ ቤት ሥራ አይደለም። የአንገረብ ግድብ የተሠራው ለዚህ ነው። ክረምት ላይ አንገረብን ድልድይ ላይ ቆሞ ያየ ሰው ግን ችግሩን ያውቀዋል። የሚወርደው ነገር ማኪያቶ ነው የሚመስለው። ከላይ ያሉት ኮረብታዎች ተራቁተዋል፣ አፈሩ ከውሃው ጋር ይመጣል፣ ግድቡ ውስጥ ይተኛል። ደለሉ ከታሰበው ፈጥኖ የውሃውን ቦታ ያዘ። ከተማው ደግሞ በዚያው ልክ ሰፋ። የመገጭ ግድብም ለመጠጥም ለደምቢያ መስኖም ይሆናል ተብሎ ግንባታው ከተጀመረ ከ10 ዓመት በላይ ሆኖታል፤ ስሙን ስንሰማው ያደጉ ልጆች አሉን።

ያሳዝነኛል፣ ምክንያቱም ይህ ከተማ ውሃ መምራት ያውቅ ነበር። የአፄ ፋሲልን መጠመቂያ አይታችሁ ከሆነ፣ ከቀሃ ወንዝ በቦይ ተጠልፎ በሚመጣ ውሃ ነው ለጥምቀት የሚሞላው። ወንዝን ከመንገዱ መልሰህ፣ ቁልቁለቱን አስልተህ፣ በድንጋይ ገንዳ ማቆም ቀላል ሥራ አይደለም። ይህን ያደረጉት ፓምፕ ሳይኖራቸው ነው። የፎጋራው ዘመዶች ናቸው ብል ማጋነን አይሆንብኝም።

ግድቡና ደለሉ የባለሙያ ጉዳይ ነው፤ እኔ የምችለው የሰፈሬን ማውራት ነው። የሰፈሬ ጉዳይ ደግሞ እንደ ኸርጋ ፓምፕ ነው።

በዚያች ሌሊት ስልኬን ሰዓት አድርጌው ነበር፣ እንደ ጋዱስ። አንዱ ጀሪካን በአራት ደቂቃ ይሞላል። በእማማ ሁለተኛ ጀሪካን ላይ ፍሰቱ ድንገት ቀጠነ። ከታች ያለው አንድ ግቢ ፓምፑን አስነስቶ ነበር፣ በቀጥታ ከመስመሩ የሚስበውን። ድምፁ ይሰማል፣ እንደ ንብ። ጀሪካኗ አሥራ አንድ ደቂቃ ፈጀች። ሰውየው ክፉ ሰው አይደለም። ልጆች አሉት፣ ስድስት ቀን ጠብቋል፣ ገንዘብ ስላለው ፓምፕ ገዛ። እኔስ? ባለፈው ወር ፒያሳ ወርጄ የፓምፕ ዋጋ ጠይቄ ተመልሻለሁ፤ አልደብቃችሁም። ያስቀረኝ ዋጋው ነው። አንዱ ሲያስገባ ሌላው ካላስገባ ይደርቅበታል። ሁሉም ሲያስገባ ደግሞ ፓምፖቹ አየር ይስባሉ፣ ከላይ ያለው ሰፈር ጠብታ አያገኝም። ያለን ውሃ ያው ነው። የተለወጠው ማን ቀድሞ እንደሚጠጣው ብቻ ነው።

ፈረቃ ራሱ መጥፎ ነገር አይደለም። ቶዘርም በፈረቃ ነው የኖረችው። የእኛ ፈረቃ ጉድለቱ ማሰሮ የለውም። መቼ እንደሚመጣ፣ ስንት ሰዓት እንደሚቆይ፣ ከእኛ በኋላ ማን እንደሚቀጥል አናውቅም። የማይታወቅ ተራ ደግሞ ሰውን ሌባ ያደርጋል። የሚያዝያ ወር ተራህ ማክሰኞ ከሌሊቱ ዘጠኝ እስከ ንጋቱ አሥራ ሁለት ነው ብትለኝ፣ በዚያ ሰዓትም ውሃው ቢመጣ፣ የፓምፕ ዋጋ ለመጠየቅ ፒያሳ አልወርድም ነበር። በየመስመሩ ፓምፕ በቀጥታ መግጠም የሚከለከልበትን ምክንያት ሰው የሚረዳው ተራው የተከበረለት ጊዜ ነው። ጎረቤት ከጎረቤት የሚመርጠው አንድ የውሃ አባት ለአንድ መስመር ቢኖርስ? ደመወዝ አያስፈልገውም፣ ገጠር ያሉትም በአክብሮት ነው የሚሠሩት።

የእኛ ግቢ በእርግጥ አንድ አላት። ማንም አልመረጣቸውም። የጀሪካኑን ሰልፍ በቃላቸው የሚያውቁት እማማ ናቸው። አራስ ያለችበት ቤት አንድ ጀሪካን ይጨመርለታል ያሉት እሳቸው ናቸው፤ የተከራከረ የለም። ፓምፑ ሲነሳም ነጠላቸውን አጥብቀው ወደ ታች ወረዱ። በሩ ሲንኳኳ ሰማሁ። «እስኪ ለጥቂት አጥፋው ልጄ፣ አራስ አለችብን» ሲሉ ሰማሁ። ንቧ ዝም አለች።

ተመልሰው ሲመጡ ስለ ቶዘር ማሰሮ ነገርኳቸው። ከሥሩ ቀዳዳ ያለው፣ ውሃው እስኪያልቅ ተራህ የሆነበት። ጀሪካናቸውን አነሱና ቂጡን ወደ ስልኬ መብራት አዞሩት። በቀለጠ ላስቲክ ሁለት ቦታ ተለጥፏል፣ ያም ሆኖ ጠብ ይላል።

«የኔም ቀዳዳ ነው» አሉ። «በሱ እንለካ እንዴ?»

ቀጣዩ ጀሪካን በአራት ደቂቃ ሞላ።